የውርስ ቤት ክፍፍል ክስ፦ መጥሪያ ያልደረሰው ወራሽ

አባት ሞተ። ሚስት፣ ሁለት ወንዶችና ሦስት ሴቶች ልጆች ትቷል። የተወው ንብረት አንድ ቤት ነው። ሚራስ በማስተምርበት ጊዜ ይህን ጥያቄ ሰሌዳ ላይ ስጽፈው ጠመኔውን ሳላስቀምጥ መልሱ ይመጣ ነበር። ሚስት አንድ ስምንተኛ ትወስዳለች፤ ቀሪው ለወንድ የሁለት ሴት ድርሻ ሆኖ ይከፈላል። ቤቱ ስምንት ቦታ ይሆንና ለእናት አንድ፣ ለእያንዳንዷ ሴት ልጅ አንድ፣ ለእያንዳንዱ ወንድ ልጅ ሁለት ይደርሳል። ትርፍም ጉድለትም የሌለው ስሌት ነው፤ ተማሪዎቼ ይወዱት ነበር።

ሰሌዳው ላይ የማይጻፍ ነገር አለ። ከሴቶቹ ልጆች አንዷ ጅዳ ውስጥ ሰው ቤት ትሠራለች። ትንሿ ገና አሥራ ሁለት ዓመቷ ነው። ከወንዶቹ አንዱ ከሌላ እናት የተወለደ ሲሆን የሚኖረው ደሴ ነው። "ቤቱን እንካፈል" ብሎ አዲስ አበባ ፍርድ ቤት የሚሄደው ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ እዚያው ቤት ውስጥ የሚኖረው ልጅ ነው። የቀሩት ክስ መኖሩን በምን ያውቃሉ?

ስለ ድርሻ ስሌት በመስጂድ ደርስም በየመጽሐፉም እንማራለን። ስለ መጥሪያ ግን የሚነገረን እምብዛም ነው። በአገራችን የሸሪዓ ፍርድ ቤቶች አሠራር መጥሪያ የቀጠሮ ቀን ማሳወቂያ ብቻ አይደለም፤ ወራሹ በየትኛው ሕግ እንደሚዳኝ የሚወሰነውም በእሱ ነው። ወደዚህ ነጥብ ከመድረሳችን በፊት ግን መነሻውን እንይ።

ሳይከፈል የቆየ ውርስ

ከቀብር ወጪ፣ ከዕዳና ከኑዛዜ የተረፈው ንብረት የወራሾች ሁሉ የጋራ ሀብት ነው። እስኪከፋፈል ድረስ ሳሎኑ የእገሌ፣ ጓዳው የእገሊት አይባልም። አንድ ስምንተኛ ያላት ልጅ በቤቱ በእያንዳንዱ ግድግዳ ውስጥ አንድ ስምንተኛ አላት። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግም ውርስ እስኪከፋፈል ድረስ በጋራ ወራሾቹ መካከል ሳይነጣጠል እንደሚቆይ ከአንቀጽ 1060 ጀምሮ ይደነግጋል። ስለ ጋራ ባለሀብቶች በጠቅላላው ደግሞ ከአንቀጽ 1257 ጀምሮ ባሉት ድንጋጌዎች ተቀምጧል። የጋራውን ንብረት በሙሉ ለመሸጥ ወይም በዋስትና ለማስያዝ የሁሉም ባለሀብቶች ስምምነት ያስፈልጋል።

ከወራሾቹ ማንኛውም ሰው ክፍፍል የመጠየቅ መብት አለው። መብቱ የእሱ ነው፤ ይህን ማንም አይከለክለውም። ነገር ግን ክፍፍል የሌላውንም ድርሻ የሚነካ ነገር ነው። ቤቱ በዓይነት ሊከፈል ይችላል ወይ? ካልተቻለ ከወራሾቹ አንዱ ለሌሎቹ ድርሻቸውን ከፍሎ ያስቀረዋል ወይ? ዋጋውን ማን ይገምታል? ሁሉም ካልሆነ ቤቱ በሐራጅ ይሸጣል፤ ሐራጅ ደግሞ ብዙ ጊዜ ቤተሰቡ ካሰበው ባነሰ ዋጋ ነው የሚያልቀው። በእነዚህ ጥያቄዎች ላይ ያልተጠየቀ ወራሽ በስሌት ድርሻውን ቢያገኝ እንኳ ቤቱን የማስቀረት ዕድሉን አጥቷል።

በነገራችን ላይ፣ በኢትዮጵያ ሕግ መሬት የመንግሥትና የሕዝብ በመሆኑ የሚከፋፈለው ቤቱና የይዞታ መብቱ ነው። የገጠር መሬት ይዞታ ከሆነ ደግሞ ክልሎች ያወጧቸው የመሬት አዋጆች ስላሉ ይህ ጽሑፍ በከተማ ቤት ላይ ብቻ ያተኩራል።

ዲናችን ስለ ማሳወቅ ምን ይላል?

ጃቢር (ረ.ዐ) ያስተላለፉትና ሙስሊም የዘገቡት ሐዲስ አለ። በዚህ ሐዲስ የአላህ መልእክተኛ (ሰ.ዐ.ወ) ባልተከፋፈለ የጋራ ንብረት ላይ የሹፍዓን መብት ደንግገዋል፤ ባለድርሻ የሆነ ሰው ለሸሪኩ ሳያሳውቅ ድርሻውን መሸጥ እንደማይፈቀድለትም ተናግረዋል። ሸሪኩ ከፈለገ ይወስደዋል፣ ካልፈለገ ይተወዋል። ሳያሳውቀው ከሸጠ ሸሪኩ ይበልጥ ባለመብት ነው። ሐዲሱ የሚናገረው ስለ ሽያጭ ነው፤ የክፍፍል ክስ በቀጥታ አልተነሳበትም። ይሁንና የራስን ድርሻ ለመሸጥ እንኳ ማሳወቅ ግዴታ ከሆነ፣ የሌላውን ድርሻ ለሚነካ ክፍፍል ማሳወቅ የበለጠ ተገቢ መሆኑ ግልጽ ነው።

ሁለተኛው ዐሊይ (ረ.ዐ) ወደ የመን ቃዲ ሆነው ሲላኩ የተሰጣቸው ትእዛዝ ነው። አቡ ዳውድና ቲርሚዚ እንደዘገቡት፣ ሁለት ተሟጋቾች ፊታቸው ሲቀርቡ የመጀመሪያውን እንደሰሙ ሁሉ ሁለተኛውንም ሳይሰሙ እንዳይፈርዱ ታዘዋል። የፊቅህ ሊቃውንት የፍርድ ሥርዓትን ከሠሩባቸው መሠረቶች አንዱ ይህ ነው።

ሦስተኛውን ብዙዎቻችን ግማሹን እናውቀዋለን። ኡሙ ሰለማ (ረ.ዐ) ባስተላለፉት ሐዲስ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) አንዱ ተሟጋች ከሌላው አንደበተ ርቱዕ ሊሆን እንደሚችል፣ በዚያ ምክንያት የወንድሙን ሐቅ የተፈረደለት ሰው የወሰደው የእሳት ቁራጭ መሆኑን አስጠንቅቀዋል። በአቡ ዳውድ ዘገባ እነዚያ ሰዎች የተካሰሱት በውርስ ነበር፤ ሁለቱም ማስረጃ አልነበራቸውም። ይህን ሲሰሙ አለቀሱ፤ እያንዳንዳቸውም "የእኔ ሐቅ ላንተ ይሁን" አሉ። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ግን በዚህ አላበቁም፤ ሐቁን ፈልገው እንዲከፋፈሉ፣ ዕጣ እንዲጣጣሉ፣ ከዚያም አንዱ ሌላውን ይቅር እንዲል አዘዟቸው። ሁለቱም በተገኙበት የተደረገ ክፍፍል መሆኑን ልብ ይሏል።

የሌለ ሰው ላይ መፍረድን በተመለከተ መዝሀቦቹ ይለያያሉ። ሐነፊዮች በመሠረቱ ተከሳሹ ራሱ ወይም ወኪሉ ሳይገኝ አይፈረድበትም ይላሉ። ሻፊዒዮች፣ ማሊኪዮችና ሐንበሊዮች በቅድመ ሁኔታ ይፈቅዳሉ፤ ከሳሹ ማስረጃ ያቀርባል፣ ሐቁ ያልተከፈለ መሆኑን በመሐላ እንዲያረጋግጥም ሊጠየቅ ይችላል። የሚፈቅዱትም ቢሆኑ የሌለው ሰው ሲመጣ ያለውን መከራከሪያ የማቅረብ መብቱ እንደተጠበቀ ነው ይላሉ። ስለዚህ "ጠፍታለች፣ ይፈረድልኝ" ብሎ የእህትን ድርሻ ለዘለዓለም መዝጋት በየትኛውም መዝሀብ ቀላል ነገር አይደለም። አድራሻዋ እየታወቀ ከሆነ ደግሞ ጉዳዩ የመዝሀብ ልዩነት መሆኑ ይቀርና ውሸት ይሆናል።

መጥሪያው ሁለት ሥራ ይሠራል

የፌዴራል ሸሪዓ ፍርድ ቤቶች የሚሠሩት በአዋጅ ቁጥር 188/1992 ነው። ሟች ሲሞት ሙስሊም ከነበረ የውርሱን ጉዳይ የማየት ሥልጣን አላቸው፤ ሆኖም ተከራካሪዎቹ በእስልምና ሕግ ለመዳኘት መስማማት አለባቸው። መሠረቱ የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 34 ንዑስ አንቀጽ 5 ነው። የሚፈርዱት በሸሪዓ ሆኖ ሳለ የክርክሩን አካሄድ የሚመሩት ግን መደበኛ ፍርድ ቤቶች በሚጠቀሙበት የሥነ ሥርዓት ሕግ ነው። ስለዚህ ቃዲውም መጥሪያ የሚያደርሰው በዚሁ በ1958 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ መሠረት ነው።

ተከሳሹ ቀርቦ "በሸሪዓ መዳኘት አልፈልግም" ካለ ጉዳዩ ሥልጣን ወዳለው መደበኛ የፌዴራል ፍርድ ቤት ይተላለፋል። ከተስማማ በኋላ ግን ሐሳቡን ቀይሮ ወደ መደበኛው ልውሰደው ማለት አይችልም። በሁለቱ መካከል ያለው ሦስተኛ ሁኔታ ነው ጥንቃቄ የሚሻው፦ መጥሪያ በአግባቡ ደርሶት ሳይቀርብ የቀረ ሰው በአዋጁ መሠረት እንደተስማማ ይቆጠራል፤ ጉዳዩም በሌለበት ይሰማል።

ይህን በምሳሌያችን ቤተሰብ እንመልከተው። መጥሪያው ጅዳ ላለችው ልጅ ሳይደርስ "ደርሷል" ተብሎ መዝገብ ላይ ቢጻፍ ያጣችው የመናገር ዕድልን ብቻ አይደለም። የዳኝነት ምርጫዋም ሳታውቅ ተመርጦላታል። ልዩነቱም ጥቂት አይደለም። በሸሪዓ ከአባቷ ውርስ አንድ ስምንተኛ ይደርሳታል፤ በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 842 ደግሞ ልጆች እኩል ስለሚካፈሉ ከአባቷ ውርስ አንድ አምስተኛ ይሆናል። አንድ ሙእሚን በአላህ ድንበር መዳኘትን ሊመርጥ ይገባል፤ ይህ የእኔም እምነት ነው። ግን መምረጥ ያለባት ራሷ ናት። እህቱ በወደደችውና ባወቀችው ነገር የተዳኘች ወንድም ሸሪዓን አክብሯል። መጥሪያዋን ደብቆ "ዝም ብላለች" ያለ ወንድም ግን ለሸሪዓ ስም ጠላት ሲሰጥ ነው የዋለው።

ስምምነት የሚለው ነገር ቀልድ አለመሆኑን በ1996 ዓ.ም. የፌዴሬሽን ምክር ቤት የሰጠው ውሳኔ ያሳያል። በአንድ የውርስ ክርክር ተከሳሾቹ በሸሪዓ ፍርድ ቤት ለመዳኘት አለመስማማታቸውን ቢገልጹም ክርክሩ ቀጥሎ ተፈርዶባቸው ነበር። ጉዳዩ በይግባኝና በሰበር ካለፈ በኋላ የሕገ መንግሥት ትርጉም ጥያቄ ሆኖ ምክር ቤቱ ዘንድ ደረሰ፤ ምክር ቤቱም ያለ ስምምነት የተሰጠው ውሳኔ ተፈጻሚ እንዳይሆን ወሰነ። እስከዚያ ድረስ የጠፋው ዓመት፣ ለጠበቃ የወጣው ገንዘብና የተቆረጠው ዝምድና ለአሸናፊውም ለተሸናፊውም አልተመለሰም።

መጥሪያ "ደረሰ" የሚባለው መቼ ነው?

መርሁ ቀላል ነው። መጥሪያ ለራሱ ለተከሳሹ ወይም ሕጋዊ ወኪሉ ለሆነ ሰው በእጅ ይሰጣል። የክሱ ማመልከቻና የማስረጃው ቅጂ አብሮ መሆን አለበት፤ ቀንና ሰዓት ብቻ የያዘ ብጣሽ ወረቀት ሰውን ለመልስ አያዘጋጅም። ተከሳሾቹ አምስት ከሆኑ አምስት መጥሪያ ነው። "ለታላቅየው ሰጥቻለሁ፣ እሱ ይነግራቸዋል" የሚባለው ነገር በቤተሰብ ውስጥ የተለመደ ነው። ታላቅየው ግን ራሱም ባለጥቅም ነው።

ሰው አልቀበልም ቢል ያደረሰው ሰው ያንኑ በመሐላ ለፍርድ ቤቱ ያረጋግጣል። ተፈልጎ ከታጣ ፍርድ ቤቱ ምትክ መንገድ ሊፈቅድ ይችላል፤ በመኖሪያው ደጃፍ መለጠፍ አንዱ ሲሆን በጋዜጣ መጥራት ሌላው ነው። አዲስ ዘመን ጋዜጣ ላይ የምናያቸው የፍርድ ቤት ጥሪዎች ከዚህ የመጡ ናቸው። የጋዜጣ ጥሪ የመጨረሻ አማራጭ ነው። ከሳሹ አድራሻውን እያወቀ "አላውቅም" ብሎ የወሰደው የጋዜጣ ፈቃድ መሠረቱ የተበላሸ ነው፤ በኋላ ፍርዱን ሊያፈርሰው ይችላል። ደሴ ያለው ወንድም በየዒዱ እየተደወለለት አድራሻው አይታወቅም ሲባል አስቡት። ጅዳ ላለችው ደግሞ አዲስ ዘመን በምን ይደርሳታል?

ተከሳሹ በቀጠሮው ቀን ካልቀረበ የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 70 ለዳኛው ሦስት መንገድ ያስቀምጣል። መጥሪያው በአግባቡ መድረሱ ከተረጋገጠ ክሱ በሌለበት ይሰማል። በአግባቡ አልደረሰ ከሆነ ሁለተኛ መጥሪያ ይወጣል። ደርሶ ግን ለመዘጋጀት የሚበቃ ጊዜ ያልነበረው ከሆነ ቀጠሮው ይተላለፋል። ከሳሽ የሆነ ወንድም እዚህ ላይ ቢታገሥ ለራሱ ነው። ሁለት ወር ቆይቶ የተገኘ የጸና ፍርድ በሁለት ሳምንት ተገኝቶ ከሦስት ዓመት በኋላ ከሚፈርስ ፍርድ ይሻላል፤ በተለይ ቤቱ ለሦስተኛ ወገን ከተሸጠ በኋላ ከሆነ።

የሚረሱ ባለድርሻዎች

የመጀመሪያዋ ሚስት ናት። ሰዎች "እናታችን አይደለች፣ እኛ ያልነው ያልፋል" ብለው በክሱ አያስገቧትም። ሚስት ግን ወራሽ ከመሆኗ በፊት በራሷ ስም ባለድርሻ ልትሆን ትችላለች። ቤቱ በትዳር ውስጥ የተፈራ ከሆነ በአዋጅ ቁጥር 213/1992 በወጣው የቤተሰብ ሕግ የጋራ ሀብት ግማሽ የእሷ ነው፤ ውርስ የሚባለው ቀሪው ነው። በሸሪዓም ቢሆን በገንዘቧ ወይም በወርቋ ያዋጣችው ካለ የሟች ንብረት ተብሎ አይከፋፈልም። ይህ የምትከራከርበት ጉዳይ ስለሆነ መጠራት አለባት።

ሁለተኛው ከሌላ እናት የተወለደ ልጅ ነው። የወራሽነት ማስረጃ ሲወጣ ምስክሮች "ከእነዚህ በቀር ሌላ ልጅ የለውም" ብለው የሚምሉበት ጊዜ አለ። ጎረቤት ሆኖ ለእንዲህ ያለ ምስክርነት የሚሄድ ሰው ወደ ችሎት ከመግባቱ በፊት ያንን የእሳት ቁራጭ ሐዲስ ያስታውስ፤ የሐሰት ምስክርነት ከታላላቆቹ ወንጀሎች ነው።

ሦስተኛዋ አካለ መጠን ያልደረሰች ልጅ ናት። በእሷ ስም የሚቀርበው ሞግዚቷ ነው። ሞግዚቷ እናቷ ወይም ታላቅ ወንድሟ ሆኖ በዚያው ቤት ላይ ድርሻ ካለው ግን የእሱ ጥቅምና የእሷ ጥቅም ሊጋጭ ይችላል፤ በዚህ ጊዜ ፍርድ ቤቱ ሌላ ሰው እንዲሾምላት መጠየቅ ይገባል። ስለ የቲም ገንዘብ ሱረቱ አን-ኒሳእ የያዘችውን ማስጠንቀቂያ ለአንባቢ መድገም አያስፈልገኝም።

ያልተወለደ ፅንስም አለ፤ በፊቅህ ድርሻው ተይዞ ይቆያል። የጠፋ ሰው ድርሻም ሞቱ እስኪረጋገጥ ወይም እስኪፈረድ ይያዛል። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 154 አንድ ሰው ለሁለት ዓመት ወሬው ከጠፋ ባለጥቅም የሆነ ሰው የመጥፋት ውሳኔ እንዲሰጥ ሊጠይቅ ይችላል። ስልኳ ስድስት ወር የዘጋች የቤት ሠራተኛ ግን ጠፍታለች አትባልም። ምናልባት ስልኩ በአሠሪዋ እጅ ይሆናል።

በውጭ አገር ላሉ

ከጥቂት ጊዜ በፊት አንዲት የቀድሞ ተማሪዬ ከባሕረ ሰላጤው አገር በድምፅ መልእክት "ኡስታዝ፣ ወንድሜ ውክልና ላኪ ብሎኛል፣ ልላክ ወይ?" ስትል ጠየቀችኝ። የመለስኩላትን እዚህ ልድገመው። ውክልና ጥሩ መንገድ ነው፤ አንድ ሰው ለሁሉም ሥራ አገር ቤት መምጣት አይችልም። ግን ሁለት ነገር ይለይ። ክሱን ያቀረበው ወይም ቤቱን የያዘው ወንድም ለተከሳሿ እህት ወኪል ሊሆን አይገባም፤ ከሳሽም ተከሳሽም ራሱ ይሆናልና። ሌላው የውክልናው ቃል ነው። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2205 መሠረት የማይንቀሳቀስ ንብረት ለመሸጥ፣ ለማስያዝ ወይም በክርክር ላይ ለመታረቅ ልዩ ውክልና ያስፈልጋል። "በፍርድ ቤት እንዲከራከርልኝ" የሚል ብቻ ከሆነ መጥሪያ ይቀበላል፣ ይከራከራል፤ መሸጥ አይችልም። ለሽያጭ የሚበቃ ውክልና ቤቱን ለማስቀረት ሐሳብ ያላት እህት ሳታነብ የምትፈርመው ወረቀት አይደለም።

ውክልናው የሚፈረመው በሚኖሩበት አገር ባለው የኢትዮጵያ ኤምባሲ ወይም ቆንስላ ነው፤ አገር ቤት ሲደርስ በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር ይረጋገጣል። ወኪል አድርገው ዘመድ የሚያጡ ሰዎች ጠበቃ ሊወክሉ ይችላሉ። ቤተሰብ ውስጥ የክፍፍል ወሬ ከተሰማ ደግሞ መጥሪያ መጠበቅ አያስፈልግም። አድራሻዋንና ስልኳን የሚገልጽ ማመልከቻ በወኪሏ በኩል ወደ መዝገቡ ብታስገባ ከሳሹ "አላውቅም" የሚልበት ቦታ ያጣል። ክስ ተጀምሮ እሷ ካልተካተተች ደግሞ በሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 41 ጣልቃ ገብታ መከራከር ትችላለች።

ሳያውቁ ተፈርዶ ከሆነ

ተከሳሽ ተብሎ ስሙ የገባ ነገር ግን መጥሪያ በአግባቡ ያልደረሰው ሰው በአንቀጽ 78 መሠረት ፍርዱ እንዲነሳለት ያመለክታል። ጊዜው አንድ ወር ነው፤ የሚቆጠረውም ፍርዱ መሰጠቱን ካወቀበት ቀን ጀምሮ ነው። ስለዚህ ወሬውን የሰሙበት ቀን፣ መልእክቱ የተላከበት ስልክ፣ የነገራቸው ሰው ማንነት ዋጋ አላቸው፤ መልእክቱን አያጥፉት። መጥሪያውን አደረስኩ ያለው ሰው ቃል መዝገቡ ውስጥ ስላለ ቅጂውን ማየት የመጀመሪያው ሥራ ነው። በዚያ ቀን ሳዑዲ የነበረች ልጅ አዲስ አበባ ውስጥ "በእጅ ተሰጥቷት አልፈርምም አለች" ተብሎ ከተጻፈ ፓስፖርቷ ላይ ያለው ማኅተም መልስ ይሰጣል።

ስሙ ጭራሽ በክሱ ያልገባ ወራሽ መንገዱ ሌላ ነው። በአንቀጽ 358 መሠረት በክርክሩ ተካፋይ መሆን የነበረበት፣ ፍርዱም መብቱን የሚነካበት ሰው መቃወሚያ ማቅረብ ይችላል፤ ይህ ግን ፍርዱ ከመፈጸሙ በፊት ነው። ሐራጁ ወጥቶ፣ ካርታው በገዢ ስም ከተዛወረ በኋላ ነገሩ እጅግ ይከብዳል።

የወራሽነት ክስ ደግሞ ይርጋ አለው። አንቀጽ 1000 ከሳሹ መብቱንና ንብረቱ በሌላ ሰው መያዙን ካወቀ ጀምሮ ሦስት ዓመት፣ በማንኛውም ሁኔታ ደግሞ አሥራ አምስት ዓመት ይሰጣል። "ወንድሜ ነው፣ አይክደኝም" ብለው ዓመት የሚቆጥሩ እህቶች ይህን ቁጥር ቢይዙት መልካም ነው። በክልሎች ያሉ የሸሪዓ ፍርድ ቤቶች የሚመሩባቸው የየራሳቸው አዋጆች ስላሉ ከአዲስ አበባና ከድሬዳዋ ውጭ ያለ አንባቢ ማመልከቻ ከማስገባቱ በፊት እዚያው ያለውን የፍርድ ቤቱን መዝገብ ቤት ይጠይቅ፤ ፍርዱ በሌለበት የተሰጠበት ሰው ደግሞ ጥያቄውን ይዞ የሚሄደው ፍርዱን ወደ ሰጠው ፍርድ ቤት ነው።